ሞልቷል በል

ሰዎቹ፦
ኤቫሪስቶ — የፔንሲዮን ኢልዴ፣ የትንሿ የእንግዳ ማረፊያ፣ ባለቤት። ለባለሆቴሎች ስብሰባ ቦሎኛ ሰንብቶ ገና ከባቡር መውረዱ ነው።
ዴልሞ — የሚስቱ ወንድም። ሻንጣ ተሸካሚ፣ አስተናጋጅ፣ አምፖል ቀያሪ።
ሚስቱ ኢልዴ አትታይም። ከወጥ ቤት የሊጥ መዳመጫዋ ድምፅ ብቻ ይሰማል።

[ሪሚኒ አጠገብ፣ ወደ ባሕሩ የሚወርድ ጠባብ መንገድ። የሰኔ ከሰዓት በኋላ፣ ጸጥ ያለ ግቢ። ባለ ሦስት ፎቅ አሮጌ ቤት፤ በየበረንዳው ፎጣ ተሰቅሏል። ከመንገዱ ማዶ ባለው የሲኞራ አርጂያ ትልቅ ሆቴል በረንዳዎችም ላይ እንዲሁ። ኤቫሪስቶ የጉዞ ቦርሳውን እንዳንጠለጠለ አንገቱን አቅንቶ ይጮሃል። ዴልሞ አንደኛ ፎቅ በረንዳ ላይ ቆሟል።]

ኤቫሪስቶ፦ አረንጓዴውን አውርደው አልኩህ!

ዴልሞ፦ አረንጓዴው ምን አደረገህ?

ኤቫሪስቶ፦ ከጎኑ ያለውም አረንጓዴ ነው! ሁለት አረንጓዴ ጎን ለጎን ይሰቀላል እንዴ? ሰው ሲያየው፣ ይሄን ሁሉ የሰቀለው አንድ ሰው ነው ይላል።

ዴልሞ፦ አንድ ሰው ነዋ። ሄር ዲትማር ነው የሰቀለው። ሁለት ፎጣ አለው፤ አንዱ ለጀርባው፣ አንዱ ለሆዱ።

ኤቫሪስቶ፦ ማን ነው ያልከው?

ዴልሞ፦ ሄር ዲትማር። የሰባት ቁጥር ክፍሉ ጀርመናዊ።

ኤቫሪስቶ፦ [ቦርሳውን መሬት ላይ ጥሎ ይስቃል] ስም አውጥተህላቸዋል! አይ ዴልሞ! እኔ ስሄድ ያልኩህ ምን ነበር?

ዴልሞ፦ በየበረንዳው ፎጣ ስጣ። ማንም ቢጠይቅህ ሞልቷል በል።

ኤቫሪስቶ፦ ማንም?

ዴልሞ፦ ማንም። ፖስተኛውም፣ ቄሱም፣ አንተም ራስህ በስልክ ብትጠይቀኝ፤ ሰው ከጎንህ ሊሰማ ስለሚችል።

ኤቫሪስቶ፦ ጎበዝ! ከቦሎኛ ስደውልልህ ‘ሞልቷል፣ ቶሎ ና፣ አልቻልንም’ ስትለኝ፣ እውነቴን ነው የምልህ፣ በሳቅ ልሞት ነበር። የስልኩን ድምፅ ከፍቼ ለባለሆቴሎቹ ሁሉ አሰማኋቸው። ‘አልቻልንም’ ያልካትን ከየት አመጣሃት?

ዴልሞ፦ አልቻልንም ነበራ።

ኤቫሪስቶ፦ አሁን ተወው፣ ብቻችንን ነን። በል ውረድና እቀፈኝ።

[ዴልሞ ይወርዳል። ይተቃቀፋሉ። ከወጥ ቤት የመዳመጫ ድምፅ፦ ድው፣ ድው፣ ድው።]

ኤቫሪስቶ፦ ኢልዴ ናት?

ዴልሞ፦ እሷ ናት። ከጠዋት ጀምሮ ሊጥ ላይ ናት።

ኤቫሪስቶ፦ [ድምፁን ዝቅ አድርጎ] ከጠዋት ጀምሮ? ለማን?

ዴልሞ፦ ለእንግዶቹ ነዋ።

ኤቫሪስቶ፦ ምስኪን። ማንም በማይበላበት ቤት... እጇ ካልሠራ ልቧ አያርፍም። እናቴም እንዲህ ነበረች። [ወደ ወጥ ቤቱ ይጮሃል] ኢልዴ፣ መጥቻለሁ!

[ድው!]

ኤቫሪስቶ፦ ተቆጥታለች።

ዴልሞ፦ ሥራ ይዛ እጇ ስላልተመቻት ነው።

ኤቫሪስቶ፦ ስማኝ፣ ዴልሞ። አሁን የምነግርህን ኢልዴ እንዳትሰማ። ዛሬ ከእራት በፊት ሲኞራ አርጂያ እዚህ ትመጣለች። ቤቱን ልሸጥላት ነው።

ዴልሞ፦ የትኛውን ቤት?

ኤቫሪስቶ፦ ስንት ቤት አለኝ? ይሄንን!

ዴልሞ፦ ሰዎቹንስ የት እናደርጋቸዋለን?

ኤቫሪስቶ፦ የትኞቹን ሰዎች?

ዴልሞ፦ [ወደ በረንዳዎቹ እያሳየ] እነዚህን።

ኤቫሪስቶ፦ አጣጥፈህ ሳጥን ውስጥ ትከታቸዋለህ።

ዴልሞ፦ ሄር ዲትማር አይታጠፍም፣ ኤቫሪስቶ።

ኤቫሪስቶ፦ ቀልዱን ተወኝ፤ ልቤ ደህና አይደለም። የፈለገችው ቤቱን ነው፤ ወጥ ቤቱን አፍርሳ ጂም ልታደርገው ነው። ሰው በባዶ ሆዱ ብስክሌት የሚጋልብበት። ኢልዴ ደግሞ ያለዚያ ወጥ ቤት ምን ትሆናለች? እዚያ ውስጥ ነው ያደገችው ማለት ይቻላል። እና ዘዴዬ ይሄ ነው፦ አርጂያ በመስኮቷ ቁልቁል ስታየን ሞልተን ማየት አለባት። ሞልቶ ካየችው ‘በምግቡ ነው የሞላው’ ብላ ኢልዴን ወጥ ቤቷ ውስጥ ትተዋታለች። ባዶ መሆኑን ካወቀች ግን በአንድ ቀን ነው የምታስወጣት። ገባህ? የኢልዴ እንጀራ በፎጣ ላይ ነው የተንጠለጠለው።

ዴልሞ፦ ከሞላ ለምን ትሸጣለህ?

ኤቫሪስቶ፦ አልሞላማ!

ዴልሞ፦ ሞልቷል እኮ።

ኤቫሪስቶ፦ [ትከሻውን እየመታ] እንደዚህ! ልክ በዚህ ፊት! አርጂያ ስትመጣ ይሄንኑ የበግ ፊትህን ይዘህ ቁም። እስቲ ልፈትንህ። እኔ አርጂያ ነኝ እንበል። ‘ዴልሞ፣ ቤታችሁ ጸጥ አለ፤ እንግዶቹ የት ሄዱ?’

ዴልሞ፦ ሳን ማሪኖ።

ኤቫሪስቶ፦ ወይ ጉድ! ‘በምን ሄዱ?’

ዴልሞ፦ በአውቶቡሳቸው። ጠዋት ነው የወጡት። ለእራት ይመለሳሉ።

ኤቫሪስቶ፦ ‘ምን ዓይነት ሰዎች ናቸው?’

ዴልሞ፦ ከጀርመን፣ ከኡልም የመጡ ጡረተኛ ዳቦ ጋጋሪዎች። መዘምራን ናቸው። ሲበሉ ይዘምራሉ፣ ሲታጠቡ ይዘምራሉ፣ ሽንት ቤት ሲገቡም...

ኤቫሪስቶ፦ በቃ፣ በቃ! [ዓይኑን ከሳቅ ይጠርጋል] ይሄን ያህል ዓመት አብሬህ ኖሬ ውሸት እንደምትችል አላወቅኩም።

ዴልሞ፦ እኔም አላወቅኩም።

ኤቫሪስቶ፦ ቦሎኛ ብትመጣ ስብሰባው ላይ ንግግር ካደረገልን ምሁር፣ ከዶክተሩ በላይ ታወራ ነበር።

ዴልሞ፦ ምሁሩ ምን አለ?

ኤቫሪስቶ፦ [ኮቱን አስተካክሎ] ዶክተሩ የአውሮፓን ካርታ ትልቅ መጋረጃ ላይ አሳየን። ሆቴሎች የሞሉበት አገር ቀይ፣ ባዶ የሆኑበት ነጭ።

ዴልሞ፦ እኛ ምን ቀለም ነን?

ኤቫሪስቶ፦ እኛ ከማነሳችን የተነሳ አንታይም። ዋናው ነገር፣ የአውሮፓ ሆቴል ደህና ነው፤ ከአራት ክፍል ሦስቱ ሞልቷል።

ዴልሞ፦ አራተኛውስ?

ኤቫሪስቶ፦ አራተኛው ባዶ ነው።

ዴልሞ፦ የት ነው ያለው?

ኤቫሪስቶ፦ የትም አይደለም! አማካይ ነው!

ዴልሞ፦ እኔ የት እንደነበረ አውቃለሁ። እኛ ጋ ነበር። ከኖርዌይ እስከ ማልታ ያለውን አራተኛ ክፍል ሁሉ ሰብስበን ይዘንላቸው የቆየነው እኛ ነን። እስከ ማክሰኞ።

ኤቫሪስቶ፦ አማካይ ማለት እንደሱ አይደለም።

ዴልሞ፦ ታዲያ ምስጋና እንኳ አላደረሱንም?

ኤቫሪስቶ፦ ዴልሞ፣ ሌላም ነገር አለ። የዛሬ እንግዳ አልጋ አይፈልግም ብሏል ዶክተሩ። የሚፈልገው ትዝታ ነው።

ዴልሞ፦ የኛዎቹ አልጋም ጠይቀዋል።

ኤቫሪስቶ፦ [ወደ ማዶ እያሳየ] ትዝታ የሚሸጥ ሆቴል ምን እንደሚመስል ማየት ከፈለግህ ያውልህ! ራሱ የሚከፈት በር፣ ጣሪያው ላይ መዋኛ፤ በረንዳውን ተመልከት፣ ፎጣው ሞልቶ። ይሄኔ ነው ሰው እውነተኛ እንግዳ አለው የሚባለው። ያቺን ቀይ ፎጣ አየሃት? እንዴት ቀጥ ብላ እንደተሰጣች?

ዴልሞ፦ ያቺ ቀይ ፎጣ ከፋሲካ ጀምሮ እዚያው ናት።

ኤቫሪስቶ፦ ሥርዓት ያለው እንግዳ ነዋ! እንዳንተ ሄር ምንትስ ሁለት አረንጓዴ የሚያዝረከርክ መሰለህ? ቆይ፣ ራሴ ላስተካክለው።

[ኤቫሪስቶ ወደ ቤቱ ይገባል። ዴልሞ ብቻውን ቦርሳውን ከመሬት አንስቶ አቧራውን ያራግፋል። ኤቫሪስቶ አንደኛ ፎቅ በረንዳ ላይ ብቅ ይላል።]

ኤቫሪስቶ፦ ዴልሞ! ክፍሉ ውስጥ ሻንጣም አስገብተሃል!

ዴልሞ፦ ታዲያ ውጭ ልተወው?

ኤቫሪስቶ፦ ኧረ አልተቆጣሁም! ከየት አመጣኸው?

ዴልሞ፦ ከአውቶቡሱ ላይ ተሸክሜ። ወገቤ አሁንም ያመኛል።

ኤቫሪስቶ፦ [አረንጓዴውን ፎጣ እያነሳ ከጎረቤት በረንዳ ባለ መስመሩ ጋር ይቀያይራል] ሻንጣ፣ ነጠላ ጫማ፣ የተከፈተ ጋዜጣ... ጀርመንኛ ጋዜጣ! አንተ ሰው፣ አንተ እኮ... [ወደ ክፍሉ አንገቱን ያስገባል] ዴልሞ።

ዴልሞ፦ አቤት።

ኤቫሪስቶ፦ ብርጭቆ ውስጥ ጥርስ አለ።

ዴልሞ፦ እንዳትነካው። የሄር ዲትማር መለዋወጫ ነው። ለካፔሌቲ ፓስታ አንዱን፣ ለሥጋ ሌላውን ነው የሚያደርገው።

ኤቫሪስቶ፦ ጥርስ ከየት ነው ያመጣኸው? ከጥርስ ሐኪሙ ተበድረህ ነው? ይሄስ በዛ! አርጂያ ክፍል ውስጥ ገብታ ብርጭቆ አታይም እኮ!

ዴልሞ፦ እኔም ለእሷ ብዬ አይደለም።

ኤቫሪስቶ፦ [ከበረንዳ ወደ በረንዳ እየዘለለ] ሰማያዊው እዚህ... ይሄ የሴት የዋና ልብስ ደግሞ... ወይ አምላኬ፣ ድንኳን ነው እንዴ? እዚህ ጋ፣ ከአረንጓዴው ላይ። አሁን ቤተሰብ መሰለ! አርጂያ ታየኝ ይሆን? ይኸው፣ እጄንም እያወዛወዝኩ ነው። ደስተኛ እንግዳ ነኝ!

ዴልሞ፦ ኤቫሪስቶ፣ ፍራው ጌርሊንዴ ዕቃዋ ሲነካ አትወድም።

ኤቫሪስቶ፦ [ከበረንዳው ጎንበስ ብሎ] እሷ ደግሞ የት ናት የምትተኛው?

ዴልሞ፦ አንተ አልጋ ላይ።

ኤቫሪስቶ፦ [በሳቅ ይፈነዳል፤ ወደ ታች ይወርዳል። በመንገዱ ምግብ ቤቱን አልፎ ሁለት የወይን ጠርሙስ ይዞ ይመጣል፤ አንገታቸው ላይ የክፍል ቁጥር ተጽፏል።] ይሄንን ደግሞ አየሁት። የእናቴን ዘዴ አልረሳኸውም። ቁጥር የተጻፈበት፣ ግማሽ የተጠጣ፣ እንግዳው ለቀጣዩ ገበታ ያስቀመጠው። ግማሹን የጠጣኸው አንተ ነህ፣ አይደል? ለዚህ ነው ዓይንህ የደፈረሰው።

ዴልሞ፦ ዓይኔ የደፈረሰው ጋራዥ ስለተኛሁ ነው። የጠጡት እነሱ ናቸው።

ኤቫሪስቶ፦ የሰባት ቁጥሩ በጣም ሞልቷል። ይሄ እውነተኛ አይመስልም። [ይጎነጫል] ጀርመን እንዲህ አይተውም። [ደግሞ ይጎነጫል] አሁን አሳማኝ ሆነ። የዘጠኝ ቁጥሩንም ላስተካክለው። [ይጎነጫል] ቆይ፣ ጋራዥ ነው ያልከው?

ዴልሞ፦ እኔና ኢልዴ ጋራዥ ነው የምንተኛው።

ኤቫሪስቶ፦ [ጠርሙሱ አፉ ላይ ይቀራል] ኢልዴ አልጋዋን ትታ?

ዴልሞ፦ አልጋዋ ተይዟላ።

ኤቫሪስቶ፦ አኩርፋኝ ነው። አውቄዋለሁ። የአርጂያን ነገር ሰምታለች ማለት ነው። [ቦርሳው ላይ ይቀመጣል። እንደገና ይጎነጫል፤ ድምፁ ይለሰልሳል።] ዴልሞ፣ ጋራዡ ያኔ ትዝ ይልሃል? ሐምሌ ሲገባ እናቴ የራሳችንን አልጋ ታከራይና ሁላችንንም እዚያ ታወርደን ነበር። አንተና ኢልዴም ልትረዱ ስትመጡ እዚያው። የነዳጅ ሽታ፣ የድንች ጆንያ፣ አባቴ ከነኮፍያው ተኝቶ። ከላይ የእንግዶቹ እግር ሲረማመድ ይሰማናል። እናቴም በጨለማው ውስጥ፣ ‘ስሙ፣ ቤቱ ሞልቷል’ ትላለች። እኔ ከዚያ በኋላ እንደዚያ የሚያስተኛ ነገር ሰምቼ አላውቅም።

ዴልሞ፦ ትናንት ኢልዴም ይሄንኑ አለች።

ኤቫሪስቶ፦ ምን አለች?

ዴልሞ፦ ‘ስማ’ አለችኝ። ከዚያ አለቀሰች። ከዚያ ሄር ዲትማር መዝሙር ሲጀምር ሳቀች።

ኤቫሪስቶ፦ [እንባው ይመጣበታል] አየህ? ለባዶ ቤት አልቅሳ፣ የእግር ኮቴ እየሰማች... አእምሮዋን ልትስት ነው። አንተም ከእሷ ጋር አብረህ ጀምረሃል። ጥፋቱ የእኔ ነው! ፎጣ ስቀሉ ብዬ ሁለት ጤነኛ ሰው አሳበድኩ። በቃ፣ ተወው። ሲኞራ አርጂያ ስትመጣ ሁሉንም እነግራታለሁ። ‘ባዶ ነን፤ ውሰጂው፤ ሚስቴን ግን ወጥ ቤቷ ውስጥ ተያት’ ብዬ እግሯ ላይ እወድቃለሁ።

ዴልሞ፦ ባዶ ነን ልትላት ነው?

ኤቫሪስቶ፦ አዎ።

ዴልሞ፦ ማንም ቢጠይቅ ሞልቷል በል ብለኸኝ አልነበረም?

ኤቫሪስቶ፦ ትእዛዙን አንስቼዋለሁ! ከአሁን ወዲያ እውነት ብቻ!

ዴልሞ፦ እሺ። [ያስባል] ሞልቷል።

ኤቫሪስቶ፦ ዴልሞ!

[ከመንገዱ ጫፍ የአውቶቡስ ጥሩንባ። ከዚያ ዝማሬ፤ በወፍራም ድምፅ፣ በብዙ ሰው። የመዳመጫው ድምፅ ድንገት ያቆማል።]

ኤቫሪስቶ፦ ይሄ ምንድን ነው?

ዴልሞ፦ ደረሱ። ጠረጴዛ አላዘጋጀሁም፣ አንተ ስታወራኝ!

[አውቶቡሱ በሩ ላይ ይቆማል። ነጭ ፀጉር፣ ቀይ ፊት፣ የሳን ማሪኖ ገለባ ባርኔጣ የደፉ ሽማግሌዎችና አሮጊቶች እየዘመሩ ይወርዳሉ። ወርደው አያልቁም። ሆዱ የቀደመው ትልቅ ሰውዬ ወደ በረንዳዎቹ ቀና ብሎ መዝሙሩን መሃል ላይ ያቆማል።]

ኤቫሪስቶ፦ [ሁለቱን ጠርሙስ እንደያዘ] ዴልሞ... እነዚህ እነማን ናቸው?

ዴልሞ፦ ፎጣዎቹ ናቸው።

[ኤቫሪስቶ የሰባት ቁጥሩን ጠርሙስ ቀስ ብሎ ከጀርባው ይደብቃል።]

ኤቫሪስቶ፦ ለምን አልነገርከኝም?

ዴልሞ፦ ነገርኩህ። ጎበዝ አልከኝ።

ኤቫሪስቶ፦ እውነት መሆኑን ለምን አልነገርከኝም!

ዴልሞ፦ እሱንም ነገርኩህ። እንደዛሬ አመስግነኸኝ ስለማታውቅ ደግሞ፣ ደስ ብሎኝ...

ኤቫሪስቶ፦ ማን አስገባቸው?

ዴልሞ፦ እኔ አላስገባሁም! እንዳዘዝከኝ ‘ሞልቷል’ ብያቸዋለሁ። ሹፌሩ ግን ፎጣውን አየና፣ ‘ይሄን ያህል ሰው የተጨናነቀበት ቤት ምግቡ ጥሩ መሆን አለበት፤ ጋራዥም ቢሆን እንተኛለን’ አለ። ደግሜ ‘ሞልቷል’ አልኩት። ያኔ ኢልዴ መዳመጫዋን ይዛ ወጣችና በሱ ግንባሬን መትታኝ፣ ‘ግቡ! ጋራዡ የኛ ነው!’ አለቻቸው። [ያበጠ ግንባሩን ያሳያል] ይኸው።

ኤቫሪስቶ፦ እኔ ይሄን እብጠት ወይን ያመጣው መስሎኝ... [ድንገት] ኢልዴ! ኢልዴ፣ የኔ እመቤት!

[ከወጥ ቤት፦ ድው! ዝማሬው ቆሟል፤ በምትኩ ሁለት ሰዎች በጀርመንኛ ይጮሃሉ።]

ኤቫሪስቶ፦ ምን ይላሉ?

ዴልሞ፦ ሄር ዲትማር፣ ‘የፍራው ጌርሊንዴ የዋና ልብስ ፎጣዬ ላይ ምን ይሠራል’ ይላል። ሚስቱም ይሄንኑ ነው የምትጠይቀው፤ የእሷ ድምፅ ነው ከፍ ያለው።

ኤቫሪስቶ፦ ምን ልበላቸው?

ዴልሞ፦ ዶክተሩ ያለህን በላቸው። የሚፈልጉት ትዝታ ነው።

[ግቢው ውስጥ ስልክ ይጮሃል። ዴልሞ ግድግዳው ላይ ካለው ስልክ ያነሳል፤ ያዳምጣል፤ የስልኩን አፍ በእጁ ሸፍኖ ወደ ኤቫሪስቶ ይዞራል።]

ዴልሞ፦ ሲኞራ አርጂያ ናቸው። ልምጣ ወይ ይላሉ።

ኤቫሪስቶ፦ [ደረቱን ነፍቶ፣ ጠርሙሱን ከጀርባው እያወጣ] ቤቱ አይሸጥም በላት! ሞልቷል በላት!

ዴልሞ፦ የቱን ሞልቷል? ያስጠናኸኝን ነው ወይስ እውነተኛውን?

ኤቫሪስቶ፦ እውነተኛውን!

ዴልሞ፦ [በስልኩ] ሲኞራ፣ እውነተኛውን ንገራቸው ብሎኛል። ቤቱ ሞልቷል። አዎ... አይ፣ የምሬን ነው... ጥርስ ሁሉ አለ... [ያዳምጣል፤ ስልኩን ይዘጋል።]

ኤቫሪስቶ፦ እህ? ምን አለች?

ዴልሞ፦ አላመኑኝም። ስቀው፣ ‘ዴልሞዬ፣ እኔም ፎጣ እሰቅላለሁ’ አሉኝ።

[ኤቫሪስቶ ቀስ ብሎ ወደ ማዶ ይዞራል። ቀዩ ፎጣ ቀጥ እንዳለ እዚያው ነው።]

ዴልሞ፦ ምስኪን ሴት። ባዶው አራተኛ ክፍል እሳቸው ጋ ሄዷል።